ሆልትቢ ያዳናት ጎል

ዋሽንግተን ካፒታልስ የሰሜን አሜሪካ የበረዶ ላይ ሆኪ ሊግ ዋንጫ የሆነውን ስታንሊ ካፕን ያነሣው እ.ኤ.አ. ጁን 7 ቀን 2018 ላስ ቬጋስ ላይ በተደረገው አምስተኛ ጨዋታ ነው። የሚታወሰውም ያ ሌሊት ነው፤ የቡድኑ አምበል አሌክሳንደር ኦቬችኪን ዋንጫውን ከራሱ በላይ ይዞ ሲጮኽ ያላየ የዋሽንግተን ነዋሪ ያለ አይመስለኝም። እኔ ግን ያ የፍጻሜ ውድድር የተወሰነው ከዚያ ስምንት ቀን ቀደም ብሎ፣ ሜይ 30 ቀን 2018 በተካሄደው በሁለተኛው ጨዋታ፣ ጨዋታው ሊያልቅ ሁለት ደቂቃ ያህል ሲቀረው ነው ብዬ አምናለሁ። የዋሽንግተኑ በረኛ ብሬደን ሆልትቢ በዚያች ቅጽበት በዱላው የመለሳትን ምት ሰዎች ተአምር ይሏታል። በእኔ እምነት ተአምር አልነበረችም፤ ተአምር ማለትም ሰውዬው የለፋበትን መንጠቅ ነው።

በዋሽንግተን ታክሲ ለምንነዳ ሐበሾች የበረዶ ላይ ሆኪ መጀመሪያ የእንጀራ ጉዳይ ነበር። የካፒታልስ ሜዳ የሆነው ካፒታል ዋን አሬና የሚገኘው ቻይናታውን፣ ሰባተኛው መንገድ ላይ ነው፤ ጨዋታ ባለበት ምሽት ቀይ ማልያ የለበሰ ሕዝብ በሺህ እየሆነ ይወጣል፣ እኛም ሰዓቱን ጠብቀን በዙሪያው እናንዣብባለን። በዚያ ዓመት ባቡሩ በአዘቦት ቀን ከምሽቱ 5፡30 ላይ ይዘጋ ስለነበር ጨዋታው ወደ ጭማሪ ሰዓት ከሄደ ገበያው የኛ ነው። ከታምፓ ቤይ ጋር በተደረገው የግማሽ ፍጻሜ አራተኛ ጨዋታ ዕለት የኳታር መንግሥት ገንዘብ ከፍሎ ባቡሩ አንድ ሰዓት ተጨማሪ እንዲሠራ ማድረጉ ለአሽከርካሪው ሁሉ መነጋገሪያ ሆኖ ነበር። እኔ ይህን ጨዋታ የተማርኩት ግን ከኋላ ወንበር ነው። ተሳፋሪው ሲያሸንፍም ሲሸነፍም ያወራል፤ እኔም ለዓመታት ካዳመጥኩት በኋላ አንድ ነገር ገባኝ፤ እነዚህ ሰዎች ቡድናቸው ሲያሸንፍ እንኳ የሚያወሩት ስለሚመጣው ሐዘን ነበር። ሦስት ለባዶ መርተው ወጥተው «ቆይ፣ ሚያዝያ ይምጣና ታየዋለህ» ይሉኛል፤ ጥሎ ማለፉ የሚጀመረው ያኔ ነውና።

ምክንያት ነበራቸው። ቡድኑ በ1974 ከተመሠረተ ጀምሮ ለፍጻሜ የደረሰው አንድ ጊዜ፣ በ1998 ብቻ ነበር፤ ያኔም በዲትሮይት አራት ጨዋታ ለባዶ ተጠርጎ ወጣ። በ2004 ከምልምሎች ሁሉ በአንደኝነት የተመረጠው ኦቬችኪን ከመጣ በኋላ ቡድኑ በመደበኛው ውድድር ከሊጉ ሁሉ አንደኛ የሚሆንባቸው ዓመታት መጡ፤ በ2010፣ በ2016፣ በ2017። በሦስቱም ዓመታት ከጥሎ ማለፉ ሁለተኛ ዙር አላለፈም። በ2010 ሞንትሪያልን፣ በ2015 ኒውዮርክ ሬንጀርስን በጨዋታ ብዛት ሦስት ለአንድ ሲመራ ቆይቶ በሰባተኛው ጨዋታ ተሸነፈ። ፒትስበርግ ደግሞ ነገሩን እንደ ልማድ ይዞት ነበር፤ በ2009 ሰባተኛ ጨዋታ መጀመሪያ ላይ ኦቬችኪን ብቻውን አምልጦ በረኛው ፊት ሲደርስ ማርክ-አንድሬ ፍለሪ በጓንቱ ቀለበበትና ጨዋታው 6 ለ 2 አለቀ። በ2017ም ያው ፍለሪ በሰባተኛው ጨዋታ አንድም ጎል ሳይገባበት 2 ለ 0 አሸነፋቸው። የአንዲት ምት መዳን የአንድን ከተማ ዓመት ሊወስን እንደሚችል የዋሽንግተን ደጋፊ አስቀድሞ ያውቅ ነበር፤ ያወቀው ግን በተሸናፊነት ነው። በ2018 የፍጻሜ ውድድር ከወዲያ በኩል፣ አሁን የላስ ቬጋስ በረኛ ሆኖ፣ ጎል ውስጥ ቆሞ የጠበቃቸውም ራሱ ፍለሪ መሆኑን ሲያዩ ብዙዎች ተስፋ የቆረጡት ስለዚህ ነው።

ጨዋታውን ለማያውቅ አንባቢ ጥቂት ላስረዳ። የምትመታው ነገር ፓክ ትባላለች፤ ክብደቷ 170 ግራም የሚሆን ጠፍጣፋ ክብ ጎማ ናት፣ እንዳትነጥርም ከጨዋታ በፊት በማቀዝቀዣ ትደርቃለች። ከእያንዳንዱ ወገን አምስት ተጫዋችና አንድ በረኛ ይሰለፋሉ፤ ሜዳው 61 ሜትር በ26 ሜትር ገደማ ሲሆን ዙሪያው በግድግዳና በመስታወት የታጠረ ነው። ሃያ ሃያ ደቂቃ ሦስት ጊዜ ይጫወታሉ፤ ጥፋት የሠራ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ሁለት ደቂቃ ወጥቶ ይቀመጥና ጓደኞቹ በጎደሎ ይከላከላሉ። በጥሎ ማለፉ በየዙሩ ከሰባት ጨዋታ አራቱን ቀድሞ ያሸነፈ ያልፋል፤ በፍጻሜው ደግሞ ዋንጫውን ይወስዳል። አንድ ባልደረባዬ ከአገር ቤት የመጡ አባቱን ቤቱ ውስጥ ቴሌቪዥን ፊት ቢያስቀምጣቸው «ይሄማ የኛው ገና ነው፣ በረዶ ላይ ሆነ እንጂ» ብለው ሙሉውን እንዳዩት ነግሮኛል። በዱላ መሻማቱ፣ መጋፋቱ፣ ወደ ጎል መገስገሱ በእርግጥም ይመሳሰላል። ልዩነቱ የሆኪው በረኛ ላይ ነው፤ የበረኛ ዱላ ከታች ብቻ ሳይሆን ከመሐሉ ጀምሮ ሰፋ ያለ ነው። ከዚህ በታች የምተርከው ሁሉ ያረፈው በዚያ ሰፊ ክፍል ላይ ነው።

ሆልትቢ በዚያ ዓመት ለፍጻሜ የደረሰበት መንገድ ቀላል አልነበረም። ከሁለት ዓመት በፊት፣ በ2015–16፣ በአንድ መደበኛ ውድድር 48 ጨዋታ በማሸነፍ በማርቲን ብሮደር ተይዞ የነበረውን ክብረ ወሰን የተጋራ ሰው ነው። በ2018 የጸደይ ወራት ግን አቋሙ ወረደ፤ አሠልጣኙ ባሪ ትሮትዝ ከኮለምበስ ጋር የሚደረገውን የመጀመሪያ ዙር ሲጀምሩ ጎሉን ለፊሊፕ ግሩባወር ሰጥተው ሆልትቢን ተጠባባቂ አደረጉት። ቡድኑ በሜዳው የመጀመሪያዎቹን ሁለት ጨዋታዎች በጭማሪ ሰዓት ተሸነፈ፤ ሆልትቢ የገባው በሁለተኛው ጨዋታ መካከል ነው። ከዚያ በኋላ ጎሉን አልለቀቀም። ኮለምበስን በስድስት ጨዋታ፣ ፒትስበርግን በስድስት፣ ታምፓ ቤይን በሰባት ሲያሸንፉ በረኛው እሱ ነበር፤ በታምፓው ውድድር ስድስተኛውንና ሰባተኛውን ጨዋታ አንድም ጎል ሳያስገባ ጨረሰ። ተቀምጦ ሌላው ሲጫወት ያየ ሰው እንዲህ ሆኖ ሲመለስ ሳይ ደስ ይለኛል፤ ይህን ሳልደብቅ ብናገር ይሻላል፣ በዚህ ጽሑፍ ሚዛኔ ወደ እሱ ያደላው ከዚያ ይጀምራልና።

ላስ ቬጋስ ደግሞ ሌላ ታሪክ ነበራት። ጎልደን ናይትስ የተባለው ቡድን ገና የመጀመሪያ ዓመቱ ነበር። ብዙዎቹ ተጫዋቾቹ ሌሎች ቡድኖች እንዳይወሰዱባቸው ከጠበቋቸው ዝርዝር ውጭ ያደረጓቸው ነበሩ፤ ተከላካዩ ኔት ሽሚት ራሱ ከዋሽንግተን የተወሰደ ነበር፣ ቡድኑን ያዋቀሩት ጆርጅ ማክፊም ለዓመታት የካፒታልስ ሥራ አስኪያጅ ሆነው የሠሩ ሰው ናቸው። ውድድሩ ሊጀመር ቀናት ሲቀሩት፣ ኦክቶበር 1 ቀን 2017፣ በከተማዋ በሙዚቃ ዝግጅት ላይ የነበሩ ሰዎች በጥይት ተጨፈጨፉ። ቡድኑ በኋላ 58 ቁጥርን ማንም እንዳይለብሰው አድርጎ ለሟቾቹ መታሰቢያ ሰቀለው። ላስ ቬጋስ ብዙ ሐበሻ የሚኖርባት፣ በሆቴሉ፣ በካሲኖውና በታክሲው የሚሠራባት ከተማ ናት፤ የአክስቴ ልጅም እዚያ ካሲኖ ውስጥ ካርታ አዳይ ናት። የፍጻሜው ውድድር ሊጀመር ሲል ደውዬ ላበሽቃት ፈልጌ ነበር። «ጋሼ፣ እናንተ ብዙ ዓመት ስለተሸነፋችሁ ታዝናላችሁ» አለችኝ፤ «እኛ ደግሞ ካዘንን በኋላ ነው ይሄን ቡድን ያገኘነው። ለቅሶ ቤት ሳንወጣ ነው ማልያ የገዛነው።» ከዚያ በኋላ ማብሸቁን ተውኩት።

የመጀመሪያው ጨዋታ ሜይ 28 ተደርጎ ቬጋስ 6 ለ 4 አሸነፈ። ዋሽንግተን ሦስተኛው ክፍለ ጊዜ ውስጥ 4 ለ 3 መርቶ ነበር፤ የቬጋሱ ራየን ሪቭስ አቻ ያደረገው ጎል ከመቆጠሩ በፊት በዋሽንግተኑ ተከላካይ በጆን ካርልሰን ጀርባ ላይ የነበረው ግፊያ ጥፋት አይደለም ወይ የሚለው ክርክር ቀናት ፈጀ። በማግስቱ ያሳፈርኳቸው ደጋፊዎች ስለ ዳኛው እንኳ አልተቆጡም። የሆነው የጠበቁት ነው፤ ቡድናቸው በፍጻሜ ውድድር አምስት ጨዋታ ተጫውቶ አምስቱንም የተሸነፈ ቡድን ሆነ።

ሁለተኛው ጨዋታ እንዲሁ በቬጋስ ሜዳ ተጀመረ። ገና ስምንት ደቂቃ ሳይሞላ ጄምስ ኒል አገባና ቬጋስ መራ። ከዚያ ይበልጥ የከበደው ነገር መጣ፤ በዚያ ዓመት በጥሎ ማለፉ ከሁሉም ተጫዋች የበለጠ ነጥብ የሰበሰበው ኢቭጌኒ ኩዝኔትሶቭ ከብሬደን ማክናብ ጋር ተጋጭቶ እጁን ይዞ ወጣ፣ አልተመለሰም። በሱ ቦታ ላይ ሥራ የጨመረው ዴንማርካዊው ላርስ ኤለር ነው። ኤለር የመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ ሳያልቅ አቻ አደረገ፤ በሁለተኛው ክፍለ ጊዜ ቬጋስ በጎደሎ ሲጫወት ለኦቬችኪን ጎል አመቻቸ፤ ብሩክስ ኦርፒክ ላገባው ሦስተኛ ጎልም እጁ ነበረበት። ኦርፒክ ያኔ የ37 ዓመት ተከላካይ ነበር፤ ከሁለት ዓመት በላይ ጎል ያላገባ፣ ሥራው የሌላውን አጥቂ መንገድ መዝጋት የሆነ ሰው። የማሸነፊያዋን ጎል ያገባው እሱ ሆነ። ሁለተኛው ክፍለ ጊዜ ሊያልቅ ሲል ሺ ቲዎዶር ለቬጋስ አንድ መለሰና ውጤቱ 3 ለ 2 ሆነ፤ ከዚያ በኋላ ጎል የሚባል ነገር አልገባም። ሃያ ደቂቃ ሙሉ ግን ሊገባ ነበር።

እኔ ያን ምሽት ዩኒየን ስቴሽን ፊት ለፊት ተራ ይዤ በሬዲዮ ነበር የምከታተለው። ሆኪን በሬዲዮ መስማት ከእግር ኳስ ይከብዳል፤ ፓኳ በሰከንድ ውስጥ ሦስት ሰው ትነካለች፣ ተራኪው ስም ብቻ ነው የሚጠራው። በሦስተኛው ክፍለ ጊዜ መጀመሪያ ላይ ዋሽንግተን ሁለት ሰው በቅጣት አጥቶ ከአንድ ደቂቃ በላይ ሦስት ሆኖ አምስቱን ተከላከለ። እንዲህ ባለ ጊዜ ሦስቱ ተከላካዮች ሁሉን መሸፈን አይችሉም፤ መምረጥ አለባቸው። የመረጡት ፓኳ በጎሉ ፊት በአግድም እንዳታልፍ መዝጋትን ነው፤ ከሩቅ የሚመጣውን ምት ለሆልትቢ ተዉለት። እሱም መለሰው። ይህን ደቂቃ ማንም በፎቶ አይሰቅለውም፤ ያለሱ ግን በኋላ የሚተረከው ነገር ባልኖረ ነበር።

ከምሽቱ አምስት ሰዓት ሊሞላ ሲል፣ ጨዋታው ሁለት ደቂቃ ገደማ ሲቀረው፣ የሬዲዮው ድምፅ ድንገት በሕዝብ ጩኸት ተዋጠ። በተሸናፊነት ያደገ ጆሮ የዚያን ጩኸት ትርጉም ያውቃል፤ ከፊቴ ቆሞ የነበረው ባልደረባዬ መስኮቱን ዝቅ አድርጎ «ገባ» አለኝ። ከዚያ ጩኸቱ መሐሉ ላይ ተቆረጠ። እንደዚያ ያለ መቆረጥ ሰምቼ አላውቅም ነበር። ተራኪው የሆልትቢን ስም ደጋግሞ ሲጠራ ነው ነገሩ የገባን።

ምስሉን ያየሁት በኋላ ነው፤ ከዚያ ወዲህም ብዙ ጊዜ አይቼዋለሁ። ፓኳ ከግድግዳው ነጥራ ማንም ባልጠበቀው አቅጣጫ መጣችና የቬጋሱ ኮዲ ኢኪን እግር ሥር ወደቀች። ኢኪን ራሱ መምታት ይችል ስለነበር ሆልትቢ ወደሱ መዞር ግድ ሆነበት። ኢኪን ግን አልመታም፤ በጎሉ ፊት አሻግሮ ለአሌክስ ተክ ሰጠው። ተክ ፊቱ ያለው ባዶ ጎል ነው። የሆኪ ጎል ስፋቱ 1.83 ሜትር፣ ከፍታው 1.22 ሜትር ነው፤ በዚያ ሁሉ ጥበቃ የለበሰ ሰው ከአንዱ ጥግ ወደ ሌላው ፓኳ ከተመታች በኋላ በእግሩ ሊደርስ አይችልም። ሆልትቢም በእግሩ አልሞከረም። ሰውነቱን ወደፊት ወርውሮ ዱላ የያዘበትን እጁን እስከ መጨረሻው ዘረጋና የዱላውን ሰፊ ክፍል በጎሉ አፍ ላይ አጋደመው። ፓኳ እዚያ ላይ መጥታ ተመታችና ወጣች። ካሜራው ወደ ዋሽንግተን ተጠባባቂዎች ሲዞር ኦቬችኪን ሁለት እጁን ራሱ ላይ ጭኖ ይታያል።

ተአምር አይደለም የምለው ለዚህ ነው። ተስፋ የቆረጠ በረኛ ወደ ኋላ ዞሮ ያያል፤ ያ የተለመደ ነው፣ ነውርም የለበትም። የደነገጠ በረኛ ደግሞ ሰውነቱን እንዳመቸው ይጥላል። ሆልትቢ ያደረገው ሌላ ነው፤ ሊደርስ ከሚችለው የሰውነቱ ክፍል ሁሉ ረጅሙን መረጠ፣ ከጎሉ ሁሉ ደግሞ አጥቂው የሚቸኩልበትን የታችኛውን ክፍል ዘጋ። ይህ በግማሽ ሰከንድ የሚታሰብ ሐሳብ አይደለም፤ አስቀድሞ እጅ ውስጥ የገባ መሆን አለበት። በዋሽንግተን ያሠለጠኑት ሚች ኮርን በረኞችን ባልተለመደ መንገድ በማለማመድ የታወቁ ሰው ናቸው፤ በነጭ በረዶ ላይ ነጭ ፓክ እያስመቱ ዓይን ዘግይቶ ያገኘውን ነገር እጅ እንዲቀድመው ያስተምሩ ነበር። ሆልትቢ ራሱ ጨዋታ ሲቆም ከውሃ ጠርሙሱ ወደ አየር ይረጭና አንዲትን ጠብታ እስክትወድቅ በዓይኑ ይከተል ነበር። ይህን ልማድ ብዙ ሰው እንደ ገድ ፈላጊነት ያየዋል፤ እኔ ግን ሥራ ነው እላለሁ። ያን ሌሊት የተመታበት ሙከራ 39 ነበር፣ 37ቱን መለሰ፤ ሁለቱ ሲገቡበት ያልተበሳጨው ሰው ነው ለመጨረሻው የቀረው።

ስለ ተክም አንድ ነገር መባል አለበት፤ ማንም ስለማይለው። ያኔ የ22 ዓመት ወጣት ነበር። ቦታው ላይ ተገኘ፣ አልዘገየም፣ አልሳተም፤ ምቱ ወደ ጎል ነበር። ብዙዎች «ከፍ አድርጎ ቢመታ ኖሮ» ይላሉ። በእንዲህ ያለ ቦታ ከፍ ለማድረግ የሚፈጀው ጊዜ በረኛው እንዲደርስ የሚያስችለው ጊዜ ነው፤ ፈጥኖ መምታቱ ትክክል ነበር። የአክስቴ ልጅ ያን ቀን ሥራ ላይ ስለነበረች ውጤቱን የሰማችው ዘግይታ ነው፤ በማግስቱ ስትደውልልኝ ስለ ሌላው አላነሣችም፣ «ልጁ ምን ያድርግ» ብቻ አለች። እውነቷን ነው።

ያ ድል ካፒታልስ በፍጻሜ ውድድር ያገኘው የመጀመሪያው ድል ነበር፤ ከተመሠረተ በአርባ አራተኛ ዓመቱ። ከዚያ በኋላ አልተሸነፈም። ሦስተኛውን ጨዋታ በሜዳው 3 ለ 1፣ አራተኛውን 6 ለ 2፣ አምስተኛውን ቬጋስ ላይ 4 ለ 3 አሸነፈ። ኩዝኔትሶቭ በሦስተኛው ጨዋታ ተመልሶ ጎል አገባ። በሦስቱም ጨዋታዎች ጎል ያገባው ዴቫንቴ ስሚዝ-ፔሊ ነው፤ በቡድኑ ውስጥ ከነበሩት ጥቁር ተጫዋቾች አንዱ፣ በዚያው ዓመት ፌብሩዋሪ ቺካጎ ላይ ቅጣት ተቀምጦ ሳለ ጥቂት ተመልካቾች ሆኪ የጥቁር አይደለም ለማለት «ባስኬትቦል» እያሉ የዘለፉት፣ ከሜዳም የተባረሩበት። በአምስተኛው ጨዋታ እየወደቀ ያገባት አቻ ማድረጊያ ጎል በታክሲ ተራው ላይ ከሁሉ በላይ የተወራላት ናት፤ የኛ ሰው ማልያ መልበስ የጀመረውም ያኔ ይመስለኛል። ማሸነፊያዋን ደግሞ እንደገና ኤለር አገባት።

ባልደረቦቼ በዚህ አይስማሙኝም። እውነተኛው መዞሪያ ኩዝኔትሶቭ በሜይ 7 ፒትስበርግን በጭማሪ ሰዓት የጣለበት ጎል ነው ይላሉ፤ ቡድኑ የፈራውን ቡድን ያን ቀን አሸንፏልና። ክርክሩ ጥሩ ነው፣ ግማሹንም እቀበላለሁ። ሆኖም ፒትስበርግን ካሸነፉ በኋላም ታምፓን ሁለት ለባዶ መርተው በተከታታይ ሦስት ጨዋታ ተሸንፈው ነበር፤ ፍርሃቱ ካርታውን ቀየረ እንጂ አልሞተም። የተክ ምት ብትገባ ኖሮ ጨዋታው 3 ለ 3 ይሆናል፣ በጭማሪ ሰዓትም ሜዳው የቬጋስ፣ ጩኸቱ የቬጋስ፣ ኩዝኔትሶቭ ሐኪም ዘንድ፣ ወዲያ ማዶ ያለውም ፍለሪ ነው። ሁለት ለባዶ ሆነው ቢመለሱ ኖሮ ተሳፋሪዎቼ ምን እንደሚሉኝ ቃል በቃል አውቀዋለሁ። ባልደረባዬ «እሱ ግምት ነው» ይለኛል። እኔም የምመልስለት ሁልጊዜ አንድ ነው፤ ከሜይ 30 በኋላ ያሳፈርኳቸው ሰዎች ስለ ሦስተኛው ጨዋታ ሲያወሩ «ካሸነፍን» ማለት ትተው «ስናሸንፍ» ማለት ጀምረው ነበር፣ ያኔ ደግሞ ውድድሩ ገና አንድ ለአንድ ነው።